አደራ

የአባቶቻችሁን ልማድ ጠብቁ ሲባል ዘወትር እንሰማለን። ነገር ግን የሚጠበቀው ዕቃው ነውን? ወይስ ሥራው? ለዚህ ጥያቄ ከሺህ ዓመት በላይ የጃፓን መናገሻ የነበረችው ኪዮቶ ጥሩ መልስ ያላት ይመስለኛል። ዘመኑን የምጠቅሰው በአውሮጳውያን አቆጣጠር ነው።

በ869 ዓ.ም. ቸነፈር በበረታ ጊዜ በዚያች ከተማ ምሕላ ተደረገ፤ የጊዮን በዓል የተነሣው ከዚያ ነው። ዛሬም በየዓመቱ በሐምሌ ወር የየሰፈሩ ሰዎች ታላላቅ ሠረገሎች አቁመው በአደባባይ ያስጎትታሉ። የሠረገላው እንጨት በምስማር አይመታም፤ በገለባ ገመድ ይታሰራል፤ በዓሉ ሲያልፍም ይፈታል። ስለዚህ አስተሳሰሩን የሚያውቀው አናጢ ጥበቡን ለወጣቱ ማሳየት ግድ ይሆንበታል።

በ1864 ዓ.ም. ከተማይቱ በጦርነት እሳት ስትቃጠል፣ በመርከብ አምሳል የተሠራው የአንድ ሰፈር ሠረገላ ዐመድ ሆነ። የሰፈሩ ሰዎች ግን ከእሳቱ የተረፈውን መጋረጃና ጌጥ ጠብቀው በበዓሉ ያሳዩ ነበር። ሠረገላው እንደገና ተሠርቶ ወደ በዓሉ የተመለሰው ከ150 ዓመት በኋላ፣ በ2014 ዓ.ም. ነው።

በመካከል የነበሩት ሰዎች ይህን ሳያዩ ሞቱ። ታዲያ በከንቱ ደከሙ እንበልን? እኔስ አልልም። ከእነርሱ አንዱ «ሠረገላው ከሌለ ጨርቁ ምን ያደርጋል?» ብሎ ጥሎት ቢሆን ኖሮ፣ የልጅ ልጆቹ የሚሠሩት አዲስ ዕቃ ይሆን ነበር እንጂ የአባቶቻቸው ሠረገላ አይሆንም ነበር።

ወጣት ሆይ፤ ክፉ ልማድ ይተዋል። መልካሙን ግን ጥቅሙ ዛሬ አልታየኝም ብለህ አትጣል። አደራ ጠባቂ ፍሬውን ላያይ ይችላል፤ ገመዱ ግን በእርሱ እጅ አልተበጠሰም።