ከፊት ያለው ተረከዝ

ጎህ ሳይቀድ እንጦጦ ጫካ ውስጥ በሰልፍ ከሚሮጡት መሃል ሁለተኛው ሰው የሚያየው ነገር ጥቂት ነው። ባህር ዛፉን ገና ጨለማ ይዞታል። ከታች የአዲስ አበባ መብራት አለ፤ ዞሮ ለማየት ግን ፋታ የለም። ዓይን የሚያርፈው ከፊት ያለው ጫማ ላይ ነው። በውጭ በኩል የተበላ ሶል፣ ተረከዙ ላይ የደረቀ የትናንት ጭቃ፣ በየእርምጃው ወደ ኋላ የሚፈናጠር ቅጠልና አፈር። ተረከዙ ሲነሳ የተከታዩ እግር እዚያው ያርፋል። ሦስተኛው የሁለተኛውን፣ አራተኛው የሦስተኛውን ዱካ እየረገጠ ይቀጥላል።

አሰልጣኙ ማን እንደሚመራ ይናገራል፤ አለዚያም ልጆቹ ራሳቸው ተራ ይገባሉ። መሪው ዳገቱን ቀጥ ብሎ አይወጣም። በዛፎቹ መሃል እየተጠማዘዘ፣ ለስላሳውን አፈር እየመረጠ፣ አንዴ ወደ ቀኝ አንዴ ወደ ግራ እያለ ይወስዳቸዋል። የዛፍ ሥር ወይም ጉድጓድ ሲያጋጥመው እጁን ዘርግቶ ያመለክታል። ምልክቱን ተከታዩ ተቀብሎ ለኋለኛው ያሳየዋል፤ እንዲህ እየተቀባበሉት መጨረሻው ሰው ጋ ይደርሳል። ቃል የሚያወጣ የለም። ከተማዋ ራሷ ከባህር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር አላነሰችም፣ የእንጦጦ አናት ደግሞ ከ3,000 ያልፋል። እዚያ ላይ ለወሬ የሚተርፍ ትንፋሽ የለም።

«ለመሮጥ ወኔውን ከየት ታመጣዋለህ?» የሚለኝ ሰው አይጠፋም። ጠያቂው ወኔን አንድ ሰው ደረቱ ውስጥ ይዞት የሚዞር የግል ሀብት አድርጎ ነው የሚያስበው፤ ያለው አለው፣ የሌለው የለውም። ከሌሊቱ 11 ሰዓት ላይ ብርድ ልብሱን የገፈፈ ሰው ግን ደረቱ ውስጥ ምን እንዳለ ያውቃል። ብርድ አለ፣ እንቅልፍ አለ፣ ትናንት ዳገት ላይ የተወጣጠረ ባት አለ። ወኔ ግን በዚያ ሰዓት አልጋ ላይ አይገኝም። የሚገኘው ውጭ ነው፤ አስፋልቱ ዳር፣ በተዘጋ ሱቅ በረንዳ ሥር፣ እጁን ብብቱ ውስጥ ከቶ የሚጠብቅ ሰው ዘንድ። እሱን ብርድ ላይ አቁሞ መተኛት ነውር ነው። እኔን የሚያስነሳኝ ይኸው ነውር ነው፤ እሱንም ከአልጋው ያስነሳው የእኔ መጠበቅ ይመስለኛል። ሁለት ወኔ የሌላቸው ሰዎች ተጠባብቀው ወኔ ይሆናቸዋል። ይህን ባስተዋልኩ ቁጥር ይደንቀኛል።

ብቻውን የሚሮጥ ሰው ይህን አያገኝም ማለቴ አይደለም። ብቻ መሮጥ የራሱ ጸጥታ አለው፤ ሐሳብ ያጠራል። ዳገት ላይ ግን ሌላ ነገር ይፈተናል። ብቻውን የሚወጣ ሰው በየእርምጃው መወሰን አለበት። ልቀንስ? ልቁም? እዚያ ዛፍ ድረስ ብቻ ልሂድ? ጡንቻውን ከሚያደክመው ዳገት ይልቅ ይህ ሙግት ይበረታበታል። የሚከተል ሰው ከዚህ ሁሉ ይገላገላል፤ መንገዱም ፍጥነቱም በሌላ ሰው ተወስኖለታል። የቀረችው አንዲት ውሳኔ አለመላቀቅ ናት።

እኛ ከሥራ በፊት የምንሮጥ ነን፤ ሜዳሊያ የሚጠብቅብን የለም። አንድ ጊዜ ዳገቱ መሃል ጎኔን ወግቶኝ ሳዘግም፣ ከሰፈራችን ልጆች አንዱ፣ በክለብ የሚሮጥ ወጣት፣ ከላይ ወርዶ ከፊቴ ገባ። «ጋሼ፣ ወደ ላይ አይዩ፤ እግሬን ብቻ እያዩ ይምጡ» አለኝ። አየሁት። ዳገቱ አላጠረም፣ ጎኔም መውጋቱን አልተወም። ግን ውስጤ ሆኖ ሲከራከረኝ የነበረው ሰውዬ ዝም አለ። ልጁ ለራሱ የሚያስፈልገውን ልምምድ አቋርጦ ነበር የመጣው፤ በእኔ ፍጥነት መሮጥ ለእሱ መቆም ማለት ነው። እንዲህ ዓይነት ስጦታ ሌላ የት እንደሚገኝ አላውቅም።

የታላላቆቹንም ታሪክ በዚህ ዓይን ሳየው ሌላ ሰው ብቅ ይልልኛል። አበበ ቢቂላ እ.ኤ.አ. በ1956 በጦር ኃይሎች ውድድር ሁለተኛ ነበር፤ አንደኛው ዋሚ ቢራቱ ነው። ዓለም አበበን ከማወቁ በፊት አበበ የዋሚን ጀርባ ያውቅ ነበር ማለት ነው። ከአራት ዓመት በኋላ በሮም ኦሊምፒክ ማራቶን በባዶ እግሩ ሲሮጥ ደግሞ ሞሮኳዊው ራዲ ቤን አብደሰላም አብሮት ነበር። በጨለማው በአፒያ ጎዳና፣ ችቦ በያዙ ወታደሮች መሃል፣ ሁለቱ ብቻቸውን ጎን ለጎን ሮጡ። ለአበበ የተነገረው ራዲ 26 ቁጥር ለብሶ እንደሚሮጥ ነበር፤ ራዲ ግን የለበሰው 185 ነበር። ስለዚህ አበበ ተቀናቃኙ አጠገቡ እያለ፣ ከፊት ይኖራል ያለውን 26 ቁጥር ይፈልግ ነበር። በሌለ ሰው ተረከዝ ተስቦ መሮጥ! ወደ መጨረሻው፣ ከአገራችን የተወሰደው የአክሱም ሐውልት ያኔ ቆሞበት ከነበረው አካባቢ ሲደርስ ጥሎት ሄደ፤ በ2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ከ16 ሰከንድ ገባ። ራዲ ከ25 ሰከንድ በኋላ ደረሰ።

እኛ ያንን ሌሊት የአንድ ሰው ሌሊት አድርገን ነው የምንተርከው። መብታችን ነው፤ ደስታው የእኛ ነበረና። ያንን ሁሉ ኪሎ ሜትር ትንፋሹን ያዋሰው ሞሮኳዊ ባይኖር ግን አበበ በዚያ ሰዓት ይገባ ነበር ወይ ብዬ አስባለሁ። የባርሴሎናውንም ኦሊምፒክ ሁላችንም እናስታውሳለን። እ.ኤ.አ. በ1992 በ10,000 ሜትር ደራርቱ ቱሉ ደቡብ አፍሪካዊቷን ኤላና ማየርን ዙር በዙር ተከተለቻት። ማየር መራች፣ ደራርቱ አልተላቀቀችም፤ የመጨረሻው ዙር ሲቃረብ አለፈቻት። ከገባች በኋላ ያደረገችውን ነው ደጋግሜ የማስበው። ጠበቀቻት፤ ከዚያም እጅ ለእጅ ተያይዘው ሜዳውን ዞሩ። ሰዎች ስለ አፓርታይድ መውደቅና ስለ ጥቁርና ነጭ መታረቅ አወሩ፤ ልክ ናቸው። እኔ ግን ከዚያ ቀደም ያለ ነገር አይበታለሁ፤ ደራርቱ ስንት ዙር ያንን ጀርባ አይታለች! ያን ያህል ያቆየሽን ሰው ትተሽ ብቻሽን አትዞሪም።

ማታ ማታ የሚያሳስበኝ ግን ሌሎቹ ናቸው። በየማለዳው እንጦጦ፣ ሰንዳፋ፣ ሱሉልታ፣ በቆጂ ላይ ከሚሮጡት ልጆች ውጭ አገር ሮጦ ስሙ የሚጠራው እጅግ ጥቂቱ ነው። ቀሪው ዓመታት ሮጦ፣ የቤት ኪራይ ጎሎበት፣ ጉልበቱ ታምሞ፣ ቤተሰብ «ምን አገኘህበት?» ብሎት ይተወዋል። ለዚያ ልጅ «ሩጫ በራሱ ትርጉም አለው» ብሎ ማጽናናት ይከብደኛል፤ እንጀራ ፈልጎ የወጣን ሰው በፍልስፍና መሸኘት አይገባም። ሆኖም የሮጠው ሁሉ ከንቱ ነበር የሚለውንም አልቀበልም። ኬንያዊው ኤሊዩድ ኪፕቾጌ እ.ኤ.አ. በ2019 ቪየና ላይ ማራቶንን በ1 ሰዓት ከ59 ደቂቃ ከ40 ሰከንድ ሲጨርስ 41 አሯሯጮች እየተፈራረቁ ከበውት ነበር፤ ከመካከላቸው የኦሊምፒክ ባለሜዳሊያዎችም ነበሩበት። ለዚያ ሥራቸው ዓለም አጨበጨበ። የእኛ ጫካ ውስጥ ያለው ልጅ ያንኑ ሥራ በየሳምንቱ ይሠራል፤ የሚከፍለው የለም፣ ቁጥርም አልተለጠፈለትም።

እዚህ አገር አትሌት ሲያሸንፍ አሰልጣኙ ይጠየቃል፣ ሚስቱ ትጠየቃለች፣ እናቱ ቤት ካሜራ ይገባል። ከማን ጋር ይሮጥ እንደነበር ግን ሲጠየቅ ብዙም አልሰማሁም። ቢጠይቁት ደስ ይለኛል። ስሞቹ የሚጠፉት አይመስለኝም፤ ማክሰኞ ማክሰኞ ዳገቱን የሚመራው፣ ኮሮኮንቹ ላይ ሊላቀቅ ሲል «ተጠጋ» ያለው፣ ታሞ በከረመበት ሰሞን ከሌሊቱ 11 ሰዓት በሩን እያንኳኳ ያስነሳው፣ አሁን ደግሞ ምናልባት ሩጫውን ትቶ ባጃጅ የሚነዳው። አንድ በአንድ ይዘርዝራቸው፣ የአባታቸውንም ስም ይጨምር፤ የስፖርት ዜናው ትንሽ ቢረዝም ምንም አይደል።