የተቃጠለችውን ከተማ ስለ መሳለም

ወደ ቅዱሳት መካናት መሄድ ከአባቶቻችን የተረከብነው በጎ ልማድ ነው። ነገር ግን መሄድ ብቻውን ሰውን ተሳላሚ አያሰኘውም፤ ተመልካችም ይሄዳልና። ተመልካች ቀኑን ባየው ነገር ብዛት ይለካዋል፤ ተሳላሚ ግን ከልቡ አስወግዶ በተወው ነገር ይለካዋል። ስለዚህ ምእመናን እግዚአብሔር መንገዱን በሰላም ሲከፍትላቸው በማኅበር ሆነው ወደ ጎንደር ለመጓዝ ቢያስቡ፥ ስንቅ ከማሰናዳታቸው አስቀድሞ «በዚያች ከተማ ማንን እናስባለን? እንዴትስ እናስባለን?» ብለው መጠየቅ ይገባቸዋል።

ጎንደር ከዐፄ ፋሲል ዘመን ጀምሮ የነገሥታት መቀመጫና የሊቃውንት ከተማ ሆና ኖራለች፤ የአርባ አራቱ ታቦት ሀገርም ትባላለች። በጥር ወር 1880 ዓ.ም. የድርቡሽ ጦር ገብቶ አብያተ ክርስቲያናቷን አቃጠለ፤ ሕዝቡንም ገደለ፥ ማረከ። ከጥፋቱ ከተረፉት ጥቂቶች አንዷ ደብረ ብርሃን ሥላሴ ናት። ይህን ብዙ ሰው ያውቀዋል፤ ለልጆቹም ይነግራል። ዳሩ ግን ከዚያ 21 ዓመት አስቀድሞ፥ በ1859 ዓ.ም.፥ ከተማይቱን ያስዘረፉና ያቃጠሉ ዐፄ ቴዎድሮስ ነበሩ። ከአድባራቱ የተወሰዱት መጻሕፍትና ንዋያተ ቅድሳት ወደ መቅደላ ተጋዙ፤ በሚያዝያ 1860 ዓ.ም. መቅደላ ሲወድቅም እንግሊዞች ብዙዎቹን ወደ ባሕር ማዶ ወሰዷቸው።

እንግዲህ ሁለተኛውን እሳት ብቻ የሚያነሣ መታሰቢያ ምሉእ ነውን? አንዳንዶች «ንጉሡ ለሀገር አንድነት ብዙ የደከሙ ናቸውና በደላቸው በዝምታ ይታለፍ» ይላሉ። ይህ አሳብ ከፍቅረ ሀገር የመነጨ ስለ ሆነ ሊናቅ አይገባውም። ነገር ግን የባዕድን በደል እየቈጠረ የወገንን የሚሰውር ትዝታ ከጸሎት ይልቅ ወደ ቂም ያዘነብላል። ቂመኛ ለሙታን የሚጸልይ ይመስለዋል እንጂ በሙታን ስም የሚከስ ነው። ደግሞስ በወገኑ እጅ ቤቱ የተቃጠለበት ሰው፥ በባዕድ እጅ ከተቃጠለበት ሰው ያነሰ መታሰቢያ የሚገባው ስለ ምንድር ነው?

ነህምያን እንመልከት። ኢየሩሳሌምን ያፈረሱ ባቢሎናውያን ነበሩ፤ እርሱ ግን የቅጥሯን መፍረስ በሰማ ጊዜ እየጾመና እያለቀሰ የተናዘዘው የራሱንና የአባቱን ቤት ኃጢአት ነው። ከተማይቱም በደረሰ ጊዜ ጥቂት ሰዎችን ይዞ በሌሊት ፍርስራሹን ዞሮ አየ፤ ከዚያ በኋላ ወገኖቹን ለሥራ አስነሣ። አስቀድሞ ንስሓ፥ ቀጥሎ ማየት፥ በመጨረሻም ሥራ ሆነ።

የተሳልሞው ቀንም በዚሁ ሥርዐት ቢታሰብ መልካም ነው። ብዙ አድባራትን በሩጫ ከመሳለም ሁለቱን በእርጋታ መሳለም ይበልጣል። ጧት በደብረ ብርሃን ሥላሴ ጸሎት አድርሶ፥ በጣራዋ የተሣሉትን መላእክት ቀና ብሎ እያዩ፥ የተረፈ ሁሉ በአደራ የተረፈ መሆኑን ማሰብ ይገባል። ከቀትር በኋላ እቴጌ ምንትዋብ ወዳሠሩት ወደ ደብረ ፀሐይ ቍስቋም ወጥቶ፥ በፈረሰው ግንብ አጠገብ በዝምታ መቆም ነው፤ በዚያም ስማቸው በመዝገብ ላልተጻፈ፥ በእግዚአብሔር ዘንድ ግን ለታወቁ ሙታን ከካህናት ጋር መጸለይ ነው። እያንዳንዱም «በቤቴና በጎረቤቴ መካከል ያነደድሁት እሳት አለን?» ብሎ ራሱን ይመርምር። ከቤቱ ሳይወጣ የሚታረቀው ሰው ካለም አስቀድሞ ይታረቅ።

ማታ ደግሞ ከጉዞው ገንዘብ አስቀድሞ የተለየውን ለአብነት ተማሪዎች ይስጡ። ብራናው ሲቃጠል ዜማውና ቅኔው ያልጠፋው ከመምህር አፍ ወደ ተማሪ ጆሮ ይተላለፍ ስለ ነበር ነው፤ ስለዚህ ለቈሎ ተማሪ የሚሰጥ እንጀራ የፈረሰውን ከሚሠሩት ድንጋዮች አንዱ ነው። ተሳላሚው ወደ አገሩ ሲመለስም፥ ሰዎች ምን እንዳየ ሲጠይቁት፥ ማንን ይቅር እንዳለ ሊመልስ የሚችል ይሁን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።