የአንድ ቀን እንግዳ

ገንዘብ ከፍሎ አንድን ቦታ ለማየት የሚሄድ ሰው ለዚያ ቦታ ምን ዕዳ አለበት? ጥያቄው መጀመሪያ ሲሰማ ቀላል ይመስላል። መንገደኛው የመግቢያውን ዋጋ ከፍሏል፣ የአውቶቡሱን ከፍሏል፣ የአስጎብኚውንም ድካም ከፍሏል፤ እንግዲህ ሒሳቡ ተዘግቷል የሚለው ብዙ ነው። ይሁን እንጂ ከገበያ ዕቃ ገዝቶ መሄድና የሌላውን ደጃፍ ረግጦ መመለስ አንድ ዓይነት ነገር አለመሆናቸውን ኅሊናችን አይስተውም። ልዩነቱ ምን ላይ እንደሆነ ለመናገር ግን ጥቂት ማሰብን ይጠይቃል። ስለዚህ ጉዳዩን በደፈናው ከማንሣት ይልቅ፣ እጅግ ብዙ ሰው በየዓመቱ በአንድ ቀን ደርሶ የሚመለስበትን አንድ ሥፍራ ይዘን ብንመረምረው ይሻላል።

ሥፍራው በምዕራብ ቱርክ፣ በደኒዝሊ ከተማ አጠገብ የሚገኘው ፓሙካሌ ነው። ስሙ በአገሩ ቋንቋ «የጥጥ ምሽግ» ማለት ሲሆን፣ ከሩቅ ላየው በእርግጥ የተባዘተ ጥጥ የተከመረበት ተራራ ይመስላል። የፍል ውሃ ነገር ለእኛ እንግዳ አይደለም፤ አዲስ አበባ ራሷ እቴጌ ጣይቱ በ1879 ዓ.ም. ከወደዱት ፍል ውሃ አጠገብ የተወለደች ከተማ ናት። የፓሙካሌው ግን የሚለይበት ጠባይ አለው። ወደ 35 ዲግሪ ሴንቲግሬድ የሚሞቀው ውሃ ከምድር ሲወጣ የሟሟ ኖራ ተሸክሞ ነው። አየር ሲያገኝ በውስጡ የታመቀው የካርቦን ዳይኦክሳይድ ጋዝ ያመልጣል፤ ያን ጊዜ ኖራው ከውሃው ተለይቶ ይዘቅጣል። በመጀመሪያ እንደ አጥሚት የላላ ነው፤ ቆይቶ ድንጋይ ይሆናል። በብዙ ሺህ ዓመታት እንዲህ እየዘቀጠ ወደ 200 ሜትር የሚጠጋውን ገደል እንደ ደረጃ በተደራረቡ ነጫጭ ገንዳዎች አልብሶታል።

ከገደሉ በላይ ባለው ሜዳ ላይ ደግሞ የጥንታዊቷ የሂየራፖሊስ ፍርስራሽ ተዘርግቷል። ከተማይቱን የጴርጋሞን ነገሥታት ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2ኛው መቶ ዓመት መሠረቷት፤ ኋላም ሮማውያን ወረሷት። ሕሙማን ፈውስ ፍለጋ ይጎርፉባት ነበር፤ ሱፍ ማቅለምም ዋነኛ ሙያዋ ነበር። ቅዱስ ጳውሎስ ወደ ቆላስይስ ሰዎች በላከው መልእክት መጨረሻ ላይ ኤጳፍራ የሚደክምላቸውን ምእመናን ሲጠቅስ ከሎዶቅያ ጋር ይህችን ከተማ አብሮ ያነሣታል። (በዮሐንስ ራእይ ላይ የሎዶቅያ ቤተ ክርስቲያን ትኩስም በራድም ባለመሆኗ የተወቀሰችበትን ቃል ብዙ ተርጓሚዎች ከዚህ ፍል ውሃ ጋር ያያይዙታል፤ ከሎዶቅያ ሆኖ ቀና ያለ ሰው ነጩን ገደል ያየው ነበርና።) ገደሉና ፍርስራሹ በአንድነት እ.ኤ.አ. በ1988 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ ውስጥ ገብተዋል።

ወደዚህ ሥፍራ የሚወስደው የአንድ ቀን ጉዞ ብዙውን ጊዜ ከባሕር ዳርቻ ከተሞች ጎህ ሳይቀድ ይነሣል። ከአንታሊያ ቢነሡ መንገዱ ብቻ ሦስት ሰዓት ተኩል ያህል፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ ይፈጃል። በመካከሉ ቁርስ አለ፤ ምሳ አለ፤ የድንጋይ ጌጥ ወይም የጨርቅ መሸጫ ሱቅ ጉብኝትም ሳይታሰብ ይገባበታል። ለሁለት ሺህ ዓመት ታሪክ የሚተርፈው ሁለት ወይም ሦስት ሰዓት ነው። አስጎብኚው ሰዓቱን እያየ ይናገራል፤ ጎብኚው ፎቶግራፍ እያነሣ ይሰማል። በዚህ መሳለቅ አይገባም። ዓመቱን ሙሉ ሠርቶ አንዲት ቀን ያገኘ ሠራተኛ ያቺን ቀን እንደ ሊቅ አላሳለፍካትም ተብሎ ሊወቀስ አይችልም። የሚጠየቀው ስለ ሰዓቱ ማጠር ሳይሆን በዚያች አጭር ሰዓት ውስጥ ምን ሆኖ እንደ ገባ ነው።

እዚህ ላይ ቋንቋችን ራሱ ይረዳናል። በግእዝ «ነገደ» የሚለው ግሥ መጓዝንም መነገድንም ያመለክታል። ከዚሁ አንድ ሥር ነጋዴ ይወጣል፤ ንግደት የምንለው የተሳላሚ ጉዞ ይወጣል፤ እንግዳም ይወጣል። አባቶች በአንድ ሥር ያበቀሏቸው እነዚህ ሦስቱ መንገደኞች በሂየራፖሊስ ፍርስራሽ መካከል እያንዳንዳቸው ዐሻራቸውን ትተዋል።

ነጋዴው በከተማይቱ ሰሜን በር አጠገብ በመቃብሩ ላይ ተጽፎ ይገኛል። ፍላዊዮስ ዘውክሲስ ይባላል። በደቡብ ግሪክ ያለውን አደገኛ የማሌያ የባሕር ጫፍ እየዞረ 72 ጊዜ ወደ ኢጣልያ መመላለሱን ድንጋዩ ይናገራል። ከሕይወቱ ሁሉ መርጦ ለትውልድ ያቆየው ያንን ቁጥር ነው። ምን እንዳየ፣ በማን ቤት እንዳደረ፣ ማን ከሞት እንዳዳነው አልተጻፈም። በእርሱ መፍረድ ተገቢ አይመስለኝም፤ በንግድ ያገኘውን እንጀራ በድካሙ አግኝቶታል። ሆኖም ዛሬ «ይህን ያህል አገር አይቻለሁ» እያለ የሚቆጥረው መንገደኛ የዘውክሲስ የቅርብ ዘመድ መሆኑ አይካድም።

ተሳላሚው ደግሞ ከከተማይቱ በላይ ባለው ኮረብታ ላይ ይገኛል። በጥንታዊው ትውፊት ፊልጶስ በዚህች ከተማ በሰማዕትነት ዐርፏል፤ በ5ኛው መቶ ዓመትም ለመታሰቢያው ባለ ስምንት ማዕዘን ቤተ መቅደስ ታንጿል። ከ1957 ጀምሮ በዚያ የሚቆፍረው የኢጣልያ የአርኪዮሎጂ ቡድን መሪ የነበሩት ፕሮፌሰር ፍራንቼስኮ ዳንድሪያ እ.ኤ.አ. በ2011 የሐዋርያውን መቃብር ማግኘታቸውን ይፋ አደረጉ። ከማስረጃዎቻቸው መካከል እጅግ የሚማርከው ወደ መቃብሩ የሚያወጣው የእብነ በረድ ደረጃ ነው፤ በሺህና በሺህ በሚቈጠሩ ተሳላሚዎች እግር ተበልቶ ተገኝቷል።

ይህ የተበላ ደረጃ ቸኩሎ የሚፈርደውን ሰው ቆም እንዲል ያደርገዋል። ጎብኚ ቅርስ ያበላሻል፣ ተሳላሚ ግን ያከብራል ብለን በቀላሉ እንዳንከፍላቸው፣ እነሆ የተሳላሚውም እግር ድንጋይ በልቷል። በፍቅር የሚረገጥም ነገር ያልቃል። ስለዚህ መበላቱ ብቻ ኃጢአት ሊሆን አይችልም፤ ልዩነቱን በሌላ ቦታ መፈለግ ይገባናል።

እስቲ ወደ ነጩ ገደል እንመለስ። በ20ኛው መቶ ዓመት ሁለተኛ አጋማሽ ከገደሉ አፋፍ፣ ከፍርስራሹም ላይ ሆቴሎች ተሠሩ። ፍል ውሃውን ወደ መዋኛ ገንዳዎቻቸው ሳቡት፤ የተጠቀሙበትንም እድፍ ውሃ ወደ ገደሉ ለቀቁት። በገንዳዎቹ መካከል የመኪና መንገድ ተቆረጠ። ሰው በጫማው ወጣበት፤ በሳሙና ታጠበበት። ነጩ ድንጋይ ደረቀ፤ ጠቆረ። በመጨረሻ በ1990ዎቹ ዓመታት ሆቴሎቹ ፈረሱ፤ መንገዱ ተዘግቶ በላዩ ሰው ሠራሽ ገንዳዎች ተሠሩበት፤ ከዚያ ወዲህ በገደሉ ላይ የሚሄድ ሁሉ ጫማውን አውልቆ፣ ያውም በተፈቀደለት መተላለፊያ ብቻ እንዲሄድ ተደነገገ።

ልብ በሉ፤ በሆቴሎቹ ያደሩት ሰዎች ሁሉ ከፍለው ነበር። እንዲያውም ጥፋቱን የጠራው ክፍያው ነው። «ገንዘቤ ለቦታው መጠበቂያ ይሆናል» የሚለው መከራከሪያ ሐሰት አይደለም፤ ጥበቃ በእርግጥ ገንዘብ ይፈልጋል። ግን ያው ገንዘብ አንድ ጊዜ ያፈርሳል፣ አንድ ጊዜ ይጠግናል። ይህን የሚወስነው የክፍያው መጠን ሳይሆን ከፋዩ «አይሆንም» የሚለውን ቃል መስማት መቻሉ ነው። ገዢ የከፈለበት ነገር ሲከለከል ተበደልሁ ይላል። እንግዳ ግን የገባበት ቤት ሥርዓት አለው፤ ሲከለከል ይቀበላል። በእኔ አስተያየት በሁለቱ መካከል ያለው ወሰን ይህ ነው፤ የተሳላሚውንም እግር ከሆቴሉ ቧንቧ የሚለየው ይኸው ነው። ተሳላሚው ወደ ደረጃው የወጣው ሥርዓቱን ተቀብሎ ነበርና።

ማንም ያልተከለከለበት ትርኢት ምን እንደሚመስል ማየት ለሚፈልግ፣ ሂየራፖሊስ ለዚህም ምሳሌ አላት። በአፖሎን ቤተ ጣዖት አጠገብ የሲኦል በር ነው የሚሉት ዋሻ ነበር፤ ፕሉቶንዮን ይሉታል። ከምድር ስንጥቅ የሚወጣው ጋዝ በፊቱ የቆመውን እንስሳ ይገድላል። ካህናተ ጣዖቱ ኮርማዎችን እየነዱ ያስገባሉ፤ ኮርማዎቹ ይወድቃሉ፤ ካህናቱ በሕይወት ይወጣሉ፤ ሕዝቡም ከፊት ለፊቱ ባለው የድንጋይ መቀመጫ ላይ ሆኖ ይመለከታል። እ.ኤ.አ. በ2018 የወጣ ጥናት ምሥጢሩን አብራርቶታል፤ ካርቦን ዳይኦክሳይድ ከአየር ስለሚከብድ ወለሉን እንደ ሐይቅ ይሞላዋል፤ ዝቅ ያለ አፍንጫ ያለው እንስሳ ታፍኖ ሲሞት ቆሞ የሚሄደው ሰው ጭንቅላቱ ከጋዙ በላይ ይሆናል። ታላቁ የጂኦግራፊ ጸሐፊ ስትራቦን በዚያ በደረሰ ጊዜ ድንቢጦች ወርውሮ ወዲያው ሲሞቱ ማየቱን ራሱ ጽፏል። ሊቅ ሰው ነው፤ ጨካኝም አልነበረም ይሆናል። የወረወራቸው ለማረጋገጥ ነው። ማየት ግን ዋጋ ያስከፍላል፤ ዋጋውን የከፈለችው ድንቢጧ ናት። በምንሄድበት ቦታ ሁሉ «ለእኔ ማየት ማን ይከፍላል?» ብሎ መጠየቅ ከስትራቦን በኋላ ለሚመጣ መንገደኛ ሁሉ ተገቢ ጥያቄ ነው።

ስለ አስጎብኚው ሳልናገር ማለፍ አይገባኝም፤ የእንግድነት ሸክም ግማሹ በእርሱ ትከሻ ላይ ነውና። አስጎብኚ የአስተናጋጁ አፍ፣ የእንግዳውም ዐይን ነው። በሂየራፖሊስ ጥንታውያን ዓምዶች ወድቀው የተጋደሙበት የፍል ውሃ መዋኛ አለ፤ ንግሥት ክሊዮፓትራ የታጠበችበት ነው ተብሎ በስሟ ይጠራል። ለዚህ ታሪካዊ ማስረጃ የለም። ቢሆንም ወሬው ይጣፍጣል፤ ከፋይም የሚጣፍጥ ነገር ይሻል። «ይህ ተረት ነው፤ ዓምዶቹን የጣላቸው ግን የምድር መንቀጥቀጥ ነው» የሚል አስጎብኚ ሰዎቹን እንደ እንግዳ ከበረ ቤት አስገብቷቸዋል። የሚያወራላቸውን ብቻ የሚያወራ ግን እንደ ገዢ ሸኝቷቸዋል። ልዩነቱ በጉርሻው ላይ ላይታይ ይችላል።

በዚህች ከተማ እ.ኤ.አ. በ50 ዓ.ም. ገደማ አንድ ባሪያ ተወልዷል፤ ኋላ በሮም፣ ከዚያም ተባርሮ በኒቆፖሊስ ያስተማረው ፈላስፋ ኤፒክቴቶስ ነው። ምንም አልጻፈም፤ ደቀ መዝሙሩ አርያኖስ ነው ትምህርቱን ያቆየልን። ከትምህርቶቹ አንዱ የተሰጠንን ነገር ሁሉ፣ በእጃችን እስካለ ድረስ፣ መንገደኛ የእንግዳ ማረፊያውን እንደሚይዘው እንድንይዝ ያሳስባል፤ እየተንከባከቡ፣ የእኔ ነው ሳይሉ። ሕሙማንና ነጋዴዎች በሚጎርፉባት ከተማ የተወለደ፣ ራሱም እንደ ዕቃ የሚሸጥ የሚለወጥ የነበረ ሰው ይህን ምሳሌ መምረጡ አያስደንቅም። ገዢ መሆን ምን እንደሆነ ከተገዛው ሰው በላይ የሚያውቅ የለም።

እኛ ደግሞ ጉዳዩን ከአስተናጋጅ ወገን ሆነን እናውቀዋለን። ወደ ላሊበላ የሚመጣው የባሕር ማዶ ሰው ሁሉ በቤተ መቅደሱ ደጅ ጫማውን ያወልቃል፤ ጫማ ጠባቂውም ይቀበለዋል። የቱንም ያህል ቢከፍል በጫማው የመግባት መብት የሚሸጥለት የለም። በዚህ ልንኮራ እንችላለን። ነገር ግን በዚያው ቤተ መቅደስ ውስጥ መስቀል ይዘው ደጋግመው ለካሜራ እንዲቆሙ የሚጠየቁ ካህናት አሉ፤ ጸሎት ላይ ያለ ሰውም ፊቱ ላይ ብርሃን ይበራበታል። እዚያ ላይ «አይሆንም» ማለት የአስተናጋጁ ፋንታ ነበር። እንግዳ እንግዳ ሆኖ እንዲገባ ባለቤት ባለቤት ሆኖ መገኘት አለበት፤ ይህም ድሃ ለሆነ አስተናጋጅ ምን ያህል ከባድ እንደሆነ የሚያውቀው ያውቀዋል።

በፓሙካሌ ዛሬ ውሃው የሚለቀቀው በተራ ነው። ጠባቂዎች ቦዩን አንድ ጊዜ ወደዚህ፣ አንድ ጊዜ ወደዚያ ያዞሩታል፤ ሁልጊዜ ውሃ የተኛበት ገንዳ አረንቋ ያበቅላልና፣ ድንጋዩ እንዲነጣ የሚደርቅበት ጊዜም ያስፈልገዋል። ስለዚህ ከባሕር ዳርቻ አራት ሰዓት ተጉዞ የመጣው ጎብኚ በፖስት ካርድ ላይ ያየው ሰማያዊ ገንዳ ደርቆ ሊያገኘው ይችላል። «ለዚህ ነው ወይ የከፈልሁት?» ብሎ አስጎብኚውን የሚጠይቅ አለ። ጫማውን በእጁ እንደ ያዘ በባዶው ገንዳ ጠርዝ ቆሞ ነጩን ድንጋይ በዝምታ የሚመለከትም አለ።