የተደበቀው ሰዓት

ለመሆኑ ሌላው የሠራውን ነገር ገጽታውን ብቻ መለወጥ፣ ነገሩን ራሱን መለወጥ ነውን? ጥያቄው ለፈላስፎች የተተወ ሊመስል ይችላል። እኔ ግን ያገኘሁት በአንድ የልጆች ጨዋታ ውስጥ ነው።

የጃፓኑ ኒንቴንዶ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1985 ያወጣውን «ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ» ብዙ አንባብያን ያስታውሱታል። ባለ ጢሙ ማሪዮ ይሮጣል፣ ይዘላል፤ ከአናቱ በላይ ውጤቱ፣ የሰበሰበው ሳንቲም፣ የደረሰበት ዓለምና የቀረው ሰዓት በእንግሊዝኛ ተጽፈው ይታያሉ። ጨዋታው በጠቅላላ 40 ኪሎባይት ብቻ ነው። እያንዳንዱ ፊደል 8 በ8 ነጥብ በሆነች ሣጥን ውስጥ የተሣለ በመሆኑ፣ ትዕግሥት ያለው ሰው ፊደሉን ነቅሎ የራሱን ሊተክል ይችላል። እኔም ለእህቴ ልጅ ብዬ ያንን ጽሑፍ ወደ አማርኛ እያዞርኩ ነው። አራት ፊደል የነበረው የእንግሊዝኛ ቃል በ«ሰዓት» ሲተካ አንድ ሣጥን ይተርፋል።

እስከዚህ ድረስ ነገሩ ትርጉም ነው፤ ጠብ የለውም። እህቴ ግን፣ «ወንድምዓለም፣ ልጁ ቁጥሩን እያየ ይርበተበታልና አጥፋለት» አለችኝ። ቁጥሩን ከዓይን መሰወር ይቻላል። ሰዓቱ ግን ከሥር መቁጠሩን አይተውም። በመጀመሪያው ደረጃ ከ400 ተነሥቶ ይወርዳል፤ 100 ሲደርስ ሙዚቃው ይጣደፋል፤ ሲያልቅ ማሪዮ ይሞታል። ታዲያ ልጁ በምን እንደተሸነፈ ሳያውቅ ቢሸነፍ ርኅራኄያችን ምኑ ላይ ነው?

«የጨዋታው ሰዓትስ መች እውነተኛ ሆነና? አንዱ ቆጠራ ከአንድ ሰከንድ ያንሳል» የሚለኝ አይጠፋም። እውነት ነው። ነገር ግን ሁልጊዜ በዚያው ልክ ይቆጥራል፣ የቆጠረውንም ያሳያል። የሚታይ ሕግ ቢከብድም ይለመዳል፤ የማይታይ ሕግ ግን ወጥመድ ነው።

ለመደበቅ እኛ እንግዳ አይደለንም። መርዶ እንሸሽጋለን፣ ለበሽተኛ ሕመሙን አንነግርም። ሆኖም መርዶ እንኳ የሚሸሸገው እስኪነጋ ነው፤ ሲነጋ ይነገራል። እኔ የተጠየቅሁት ግን የማይነጋ ሌሊት ነው።

ስለዚህ ሁለት መንገድ ብቻ ይታየኛል፦ ሰዓቱን ማሳየት፣ አለዚያም ቆጠራውን ራሱን ማስቆም። ሁለተኛው ጨዋታውን ሌላ ጨዋታ ያደርገዋል፤ ይህንንም ለልጁ መንገር ይገባል። በዚህ ሥራ የተሰማሩ ሰዎች አንድ ደግ ልማድ አላቸው፤ የሚለዋወጡት ሙሉውን ጨዋታ ሳይሆን ለውጡን ብቻ የያዘ ትንሽ ፋይል ነው። የቀድሞው ሠሪ ድርሻ የት አብቅቶ የለዋጩ ከየት እንደሚጀምር በዚያ ይለያል።

ለእህቴም የምላት ይህንኑ ነው፦ ለልጁ ካዘንን ሰዓቱን እናቁምለት፤ ካላቆምነው ግን አንደብቀው።