የአርታኢው መጎናጸፊያ፦ ፍርድን ስለሚቀድም መስማት

አርታኢ በተለምዶ የሌላውን ሰው ጽሑፍ የሚያቃና፣ የተዛባ ሆሄ የሚያርም፣ የረዘመውን የሚያሳጥር ባለሙያ ነው ተብሎ ይታሰባል። ይህ ትክክል ቢሆንም ትንሹ የሥራው ክፍል ነው፤ ከእርማቱ በፊት የሚመጣውና ከባዱ ሥራው ከተጻፈው ሁሉ የቱ ለአንባቢ እንደሚደርስ፣ የቱም በመሳቢያ ውስጥ እንደሚቀር መወሰን ሲሆን፣ በዚህ ውሳኔ ማን ስለ ራሱ እንደሚናገርና ስለ ማን ሌሎች እንደሚናገሩ ይለያል። አንድ አርታኢ ዘመኑን ሙሉ ማኅበረሰቡ ገሸሽ ያደረጋቸውን ሰዎች ቃል ለማሳተም ቢሠራ፣ በተለይም ከእነርሱ መካከል የተመሳሳይ ፆታ አፍቃሪዎች ቢኖሩበት፣ አማኝ በሆነ አገር የሚጠብቀው ጥያቄ የታወቀ ነው፦ ሰው ስለ ራሱ እንዲናገር መድረክ መስጠት የተናገረውን ማጽደቅ ነውን? በሃይማኖት አነጋገር ሲቀርብም፣ ኃጢአተኛ የተባለን ሰው ቃል ወደ ሌላው ማድረስ በኃጢአቱ መተባበር ነውን?

ይህ ጥያቄ ከውጭ የመጣ የሚመስለው ሰው ቢኖር ሐዋሳንና በዙሪያዋ ያለውን የሲዳማን ምድር ቢመለከት ይጠቅመዋል። ሲዳማዎች ነገር የሚመረምሩበትና ጠብ የሚያበርዱበት አፊኒ የሚባል ሥርዓት አላቸው። ቃሉ በሲዳምኛ «ሰማችሁ ወይ?» እንደ ማለት ሲሆን፣ በሶንጎ፣ ማለትም ሽማግሌዎች በዛፍ ጥላ ሥር በሚቀመጡበት ሸንጎ፣ ጉዳይ ያለው ሰው ነገሩን የሚከፍትበት ጥያቄ ነው። የጥያቄው ዓላማ ሀላሌ ወደሚባለው ነገር መድረስ ነው፤ ሀላሌም እውነት ማለት ቢሆንም፣ የተደረገውን በትክክል ከመናገር አልፎ ሰው ሊኖርበት የሚገባውን ቀና መንገድ ጭምር ያመለክታል። ሥርዓቱ ከፍርድ በፊት መስማትን እንደ በጎ ፈቃድ አይቆጥረውም፤ ያልተሰማ ነገር ላይ የተሰጠ ፍርድ ሀላሌን ስለማያገኝ ፍርድ ለመባል አይበቃም። መስማት ማጽደቅ ቢሆን ኖሮ ሶንጎ ሊቀመጥ አይችልም ነበር፤ ምክንያቱም በዚያ ጥላ ሥር በዳይም ተበዳይም በገዛ አፋቸው ይናገራሉ።

ሆኖም «ሰማችሁ ወይ?» የሚለው ጥያቄ የሚቀርበው በሸንጎው ክብ ውስጥ ላለ ሰው ነው። ክቡ ራሱ ማንን እንዳስቀመጠና ማንን ከደጅ እንዳስቀረ ሲጠየቅ ነገሩ ይከብዳል። በሲዳማ የቆየ ልማድ ሸክላ ሠሪዎቹ ሀዲቾ፣ ቆዳ ፋቂዎቹ አዋቾ፣ ብረት ቀጥቃጮቹ ቱንቲቾ ተብለው ከገበሬው ጎሳ ተለይተው ኖረዋል፤ ከእነርሱ ጋር መጋባት ነውር ነበር፣ አብሮ መብላትም እንዲሁ፣ ለዚህም የሚሰጠው ምክንያት ንጹሕ ያልሆነ ምግብ ይበላሉ የሚል ነበር። ይህን መገለል በቅርብ ለማየት አንድ ዕቃ ይበቃል። ሻፌታ የሚባለው ሰፊ የሸክላ ገበታ የሲዳማ ቤት ሁሉ ዕቃ ነው። ዩኔስኮ በ2015 እ.ኤ.አ. በማይዳሰሱ የሰው ልጅ ቅርሶች መዝገብ ባሰፈረው በፍቼ ጨምበላላ፣ ማለትም በሲዳማ የዘመን መለወጫ በዓል፣ ከእንሰት፣ ከቅቤና ከወተት የሚሠራው ቡሪሳሜ በሻፌታ ቀርቦ ቤተሰብና ጎረቤት ዙሪያውን ከብቦ ይቋደሳል። ጭቃውን ከመሬት ቆፍራ ያወጣችው፣ ጠጠሩን ለቅማ በእግሯ የረገጠችው፣ ጠርዙን በእጇ እያለሰለሰች ያዞረችው፣ በግልጥ እሳት ተኩሳ በጀርባዋ አዝላ ገበያ ያወረደችው የሀዲቾ ሴት ናት። የእጇ ሥራ በበዓሉ መካከል ተቀምጦ እርሷ ግን በዙሪያው እንዳትቀመጥ ልማዱ ከልክሏት ኖሯል። እጇን የፈለገ ማኅበረሰብ አፏን አልፈለገም ማለት ነው፤ ስለ ሀዲቾ የሚነገረው ተረትና ምሳሌ የበዛውን ያህል ሀዲቾ ስለ ራሷ የተናገረችው በጽሑፍ ሲፈለግ የሚገኘው እጅግ ጥቂት የሆነውም ስለዚህ ነው።

ሴቶችም በዚያው ምድር ሌላ ማስረጃ ናቸው። ሶንጎ በልማዱ የወንዶች ጉባኤ ስለነበረ፣ የተበደለች ሴት ነገሯን የምታሰማው ያካ በሚባለው የሴቶች ስብስብ በኩል ነበር፤ ሴቶች ሲቆ የተባለውን በትራቸውን ይዘው ወጥተው በደለኛው ካሣ እስኪከፍል ድረስ አይበተኑም። የንግሥት ፉራ አፈ ታሪክም ማን ይተርካል የሚለውን ጥያቄ ጥርት አድርጎ ያሳያል። ወንዶች ሲተርኩት ፉራ ትዕቢተኛና ጨካኝ ገዢ ስለነበረች በብልሃት ተታልላ በዱር አውሬ ላይ ታስራ ሰውነቷ በየሥፍራው ተበትኖ የሞተች ናት፤ ሴቶች ሲተርኩት ግን ለሴት ልጅ ክብርና ምክር የተወች ንግሥት ናት። ተረቱ ያው አንድ ሆኖ ሳለ በሁለት አፍ ሁለት ትርጉም ይይዛል፤ በመጽሐፍ የሚያሳትመው አርታኢ አንዱን ብቻ ቢመርጥ ባለማወቅ ፈርዷል።

ይህን ዓይነቱን ፍርድ ላለመፍረድ ዕድሜውን የሰጠ አርታኢ በጎረቤት አገር ኬንያ ነበር። ቢንያቫንጋ ዋይናይና በ2002 እ.ኤ.አ. ኬይን የተባለውን የአፍሪካ አጭር ልብ ወለድ ሽልማት ካገኘ በኋላ ከጓደኞቹ ጋር ሆኖ በ2003 ክዋኒ የተባለ የሥነ ጽሑፍ መጽሔት ናይሮቢ ላይ መሠረተ። ክዋኒ በናይሮቢ ወጣቶች አነጋገር «ታዲያስ ምን ይሁን?» እንደ ማለት ነው። መጽሔቱ በትምህርት ቤት እንግሊዝኛ ብቻ ይጻፍ የነበረውን ሥነ ጽሑፍ ለሸንግ ከፈተው፤ ሸንግ ስዋሂሊ፣ እንግሊዝኛና ሌሎች የአገሩ ቋንቋዎች የተቀላቀሉበት የመንደር ወጣቶች ቋንቋ ነው። ከምርጫ በኋላ በተነሳው የ2008ቱ (እ.ኤ.አ.) ግጭት ጊዜም መጽሔቱ የተራ ሰዎችን ምስክርነት ሰብስቦ አትሟል። የዚህ ሥራ ክብደት ለአማርኛ አንባቢ እንግዳ አይሆንም፤ ደራሲው ስብሐት ገብረ እግዚአብሔር የአዲስ አበባውን ውቤ በረሃ የሌሊት ሴቶች በገዛ አነጋገራቸው ያናገረበት «ሌቱም አይነጋልኝ» ተጽፎ ካለቀ በኋላ ለዓመታት በእጅ ጽሑፍ ከሰው ወደ ሰው ሲዘዋወር ኖሮ ሙሉው ለኅትመት የበቃው ዘግይቶ ነውና። አንባቢው ለመስማት ዝግጁ ነበር፤ ያልተዘጋጀው በጸሐፊውና በአንባቢው መካከል የቆመው በር ጠባቂ ነበር።

ዋይናይና የሌሎችን አፍ ሲከፍት የራሱን ዘግቶ መኖሩ ከሕይወቱ ሁሉ ጥልቁ ነገር ነው። እናቱ በ2000 እ.ኤ.አ. ስታርፍ ወንድ አፍቃሪ መሆኑን ሳይነግራት ቀረ፤ በሕመሟ አልጋ አጠገብም አልነበረም። ናይጄሪያ በተመሳሳይ ፆታ ግንኙነት ላይ የተጣለውን ክልከላ የሚያጠብቅ ሕግ ባወጣችበት በጥር ወር 2014 እ.ኤ.አ.፣ በ43ኛ የልደት ቀኑ፣ ባሳተመው ጽሑፍ ግን ያን ያልተካሄደ ንግግር በምናቡ አካሄደው፤ በአልጋዋ አጠገብ ራሱን አስቀምጦ በሕይወት ሳለች ሊላት ያልቻለውን ነገራት። ከመጽሔቱ መጀመሪያ አንሥቶ ለሌሎች ድፍረት የሰጠ አርታኢ ለገዛ እናቱ አንዲት ዓረፍተ ነገር ለመናገር ከሞቷ በኋላ ዐሥራ አራት ዓመት ገደማ ፈጅቶበታል። መገለል የሚሠራው እንዲህ ነው፦ በዱላና በሕግ ብቻ ሳይሆን በጣም በሚወደድ ሰው ፊት ቃልን በጉሮሮ በማስቀረት ጭምር። ዋይናይና በግንቦት 2019 እ.ኤ.አ. ናይሮቢ ላይ አረፈ።

እዚህ ላይ አማኙ አንባቢ ሊያነሳው የሚችለው ተቃውሞ ቀላል ተደርጎ ሊታለፍ አይገባውም። ቅዱሳት መጻሕፍትና ገድላት የኃጢአተኞችን ታሪክ የሚነግሩት ንስሐቸውን ለማሳየት ነው፣ ንስሐ የሌለበትን ታሪክ ማሳተም ግን ሌላ ነው ሊባል ይችላል። ለዚህ መልስ ለመፈለግ ስንክሳር፣ ማለትም በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን የየዕለቱን ቅዱሳን ታሪክ የያዘው መጽሐፍ፣ ሚያዝያ 6 ቀን የሚያስባት ግብጻዊት ማርያም ትበቃለች። ይህች ሴት በወጣትነቷ በእስክንድርያ በዝሙት ኖራ ኋላ በዮርዳኖስ ማዶ በረሃ ለብዙ ዘመን ብቻዋን የተጋደለች ናት፤ ታሪኳን ሰምቶ ለዓለም ያደረሰውም አባ ዞሲማስ የተባለ መነኩሴ ነው። ዞሲማስ በዐቢይ ጾም ወደ በረሃ ወጥቶ ሳለ በሩቅ ሰው የሚመስል ነገር አይቶ ሲከተለው ትሸሸዋለች፤ በመጨረሻ ቆማ ራቁቷን ስለሆነች ፊቷን ወደ እርሱ መመለስ እንደማትችል፣ መጎናጸፊያውን እንዲጥልላት ትለምነዋለች። እርሱም ጣለላት፤ ከተሸፈነች በኋላ ነው ዞራ ያናገረችው፣ ኋላም ሕይወቷን አንድ በአንድ የዘረዘረችለት።

የታሪኩን ቅደም ተከተል ማስተዋል ያስፈልጋል። ዞሲማስ መጎናጸፊያውን ሲጥል ማን እንደሆነች፣ ምን እንዳደረገች፣ ንስሐ ትግባ አትግባ አላወቀም። ልብሱ የንስሐዋ ሽልማት አልነበረም፤ ንግግሯ የተቻለው በልብሱ ምክንያት ነበር። ንስሐ የሌለበት ታሪክ አይሰማ የሚለው ክርክር ይህን ቅደም ተከተል ይገለብጠዋል፤ ተናጋሪው የሚናገረው ከመሰማቱ በፊት ምን ዓይነት ሰው እንደሆነ እንዲታወቅ ይጠይቃል። የሰውን ልብ ከውስጡ የሚያውቅ እግዚአብሔር ብቻ ነው ብላ የምታስተምር እምነት ለሰው ልጅ የተወችለት መንገድ መስማት ነው። ከሰማ በኋላ መምከር፣ መገሠጽ፣ አለመስማማትም ይችላል፤ ሳይሰማ የሚያደርገው ሁሉ ግን በገዛ ግምቱ ላይ የተሠራ ነው።

ወደ ኢትዮጵያ ሲመጣ ነገሩ በሐሳብ ብቻ አይቀርም። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 629 ከተመሳሳይ ፆታ ጋር የሚፈጸም ግብረ ሥጋን በእስራት ያስቀጣል፤ በ2001 ዓ.ም. ደግሞ በአዲስ አበባ የተሰበሰቡ የልዩ ልዩ አብያተ ክርስቲያናት መሪዎች ክልከላው በሕገ መንግሥት ጭምር እንዲገባ ጠይቀዋል። የእምነት መሪዎች ስለ ኃጢአት በማስተማር መብታቸው ላይ ይህ ጽሑፍ አይከራከርም። ችግሩ በዚህ ሁሉ ንግግር መካከል የሚነገርባቸው ሰዎች ስለ ራሳቸው የተናገሩት ቃል በአማርኛ መድረክ እምብዛም አለመሰማቱ ነው። ስለ እነርሱ የሚነገርበት ቃል «ሰዶማዊ» ሲሆን፣ ይህ የአንድን የጠፋ ከተማ ፍርድ በአንድ ሰው ራስ ላይ የሚጭን ስም ስለሆነ ከተጠራ በኋላ የሚጠየቅ ነገር አይተርፍም፤ ስሙ ራሱ ፈርዶ ጨርሷል።

እነርሱ ግን እርስ በእርሳቸው ሲጠራሩ «ዜጋ» ይላሉ። ቃሉ የተመረጠው ባዕድ ጆሮ ቢሰማው እንኳ ምንም እንዳይጠረጥር ለመሸሸጊያ ነው። ይሁን እንጂ በአማርኛ ታሪክ የዚህን ቃል መንገድ ላየ ሰው ከመሸሸጊያነት የሚያልፍ ነገር አለበት። በጐንደር ዘመንና ከዚያ በኋላ በምሥራቅ ጎጃም የርስት መዛግብት ዜጋ ማለት የራሱ ርስት የሌለው፣ በጌታው መሬት ላይ የሚኖርና ለእርሱ የሚገብር ሰው ነበር፤ የታሪክ ምሁሩ ሀብታሙ መንግሥቴ ስለ ምሥራቅ ጎጃም የመሬት ሥርዓት ባደረገው ጥናት ይህን የቃሉን ቀድሞ ትርጉም በሰፊው አሳይቷል። በዘመናዊው አማርኛ ደግሞ ዜጋ የአገሩ ባለቤትና የሕግ ሁሉ ተካፋይ የሆነ ሰው ሆነ። እንግዲህ ርስት ከማጣት ወደ ባለ መብትነት የተሸጋገረውን ቃል፣ ከመብቱ ውጭ የተደረጉ ሰዎች ለራሳቸው ስም አድርገው አነሡት። ይህን ቃል በፖሊሲ ንግግር፣ በስብከትም ሆነ በጋዜጣ ሲጠቀም የሚውል ሁሉ ከእነርሱ ጋር አንድ ቃል እንደሚጋራ አያውቅም።

በእንዲህ ዓይነት አገር የአርታኢው ኃላፊነት ከባድ ነው። ቃልን ለማሰማት ሲል ሰውን ለእስር፣ ለቤተሰቡ ቁጣ ወይም ለመንደር ድብደባ ቢያጋልጥ መድረክ ሰጠ አይባልም፤ ራቁቱን አቆመው እንጂ። ስለዚህ ስሙን መሰወር፣ ሰፈሩን መለወጥ፣ የሚያስለይ ዝርዝር ነገር ማውጣት እንደ ፍርሃት ሊቆጠር አይገባም፤ ይህ መጎናጸፊያው ነው፣ ከሌለ ንግግሩ ራሱ የለም። በሌላ በኩል ሽፋኑ ቃሉን እንዳይሸፍን መጠንቀቅ ይኖርበታል። የሀዲቾዋን ሴት አነጋገር ወደ መሥሪያ ቤት አማርኛ ያቃና፣ የያካን ሴቶች ቁጣ ወደ ጨዋ ምሬት ያለዘበ፣ የዜጋውን ፍቅር አንባቢ እንዲያዝንለት ብሎ ወደ ልቅሶ ብቻ የለወጠ አርታኢ ቃሉን ሳይሆን የራሱን ግምት ነው ያተመው። ሰውን በርኅራኄ ዝም ማሰኘትም ዝም ማሰኘት ነው፤ በጥላቻ ከሚደረገው የሚለየው ማንም ስለማያወግዘው ብቻ ነው።

አፊኒ ለሶንጎ ተቀማጮች የሚቀርብ ጥያቄ ቢሆንም ጥያቄውን የሚጀምር ሰው ያስፈልገዋል። በጉዱማሌ፣ በሐዋሳ ሐይቅ አጠገብ ባለው የፍቼ ጨምበላላ አደባባይ፣ በየዓመቱ በሺህ የሚቆጠር ሰው ሲሰበሰብ በዳር የቆመው ማን እንደሆነ፣ ለምን በዳር እንደቆመ፣ ቢጠየቅ ምን እንደሚል ለማወቅ ከመካከል ተነሥቶ ወደ ዳር መሄድ ግድ ይላል። ዞሲማስም ከገዳሙ ወጥቶ ወደ በረሃ ገብቶ ነበር፤ ሴቲቱ ወደ ገዳሙ አልመጣችም።