ባለጉዳይ ሲሞት የይግባኝ ክርክር

የፍትሐ ብሔር ክርክር ሁለት ወገን ይፈልጋል። ይግባኝ በቀጠሮ ላይ ሳለ ከተከራካሪዎቹ አንዱ ቢሞት፣ ወይም ድርጅት ሆኖ ቢፈርስ፣ አስቀድሞ መመለስ ያለበት ጥያቄ አንድ ነው፦ የጠፋው ባለመብቱ ብቻ ነው ወይስ መብቱም አብሮት ጠፍቷል?

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በመጀመሪያው አንቀጽ ሰው ከልደቱ እስከ ሞቱ የመብት ባለቤት እንደሆነ ይደነግጋል። ሙት አይከስም፣ አይከሰስም። ይኸው ሕግ ስለ ውርስ ሲደነግግ ግን የሟቹ መብትና ግዴታ፣ በሞቱ ከሚቋረጡት በቀር፣ ለወራሾቹ እንደሚተላለፍ ይገልጻል። ስለዚህ ነገሩን የሚወስነው የመብቱ ጠባይ ነው። ቀለብ ጠያቂ ሲሞት የወደፊት ቀለብ አይኖርም፤ ፍቺ የተጠየቀበትንም ጋብቻ ሞት ራሱ አፍርሶታል። የገንዘብ፣ የቤት ወይም የይዞታ ክርክር ግን ባለቤት ይለውጣል እንጂ አይሞትም። ወራሹ ወራሽነቱን አስመስክሮ በሟች እግር ይተካል፤ ለሟች ዕዳ የሚጠየቀውም በወረሰው ሀብት ልክ ነው።

ይህ አስተሳሰብ ለደብረ ታቦርና ለወንዛዬ አካባቢ ገበሬ እንግዳ አይደለም። በርስት ዘመን ባለርስት ነኝ ባይ ትውልዱን ወደ ላይ ቆጥሮ ከቀደመው አባት ያደርስ ነበር። «ርስት በሺህ ዓመቱ ለባለቤቱ» የሚለው ብሂልም መብት ከአንድ ሰው ዕድሜ እንደሚረዝም ይመሰክራል። አባት የጀመረውን ሙግት ልጅ ይረከበዋል። አዋጅ ቁጥር 31/1967 የገጠር መሬትን የሕዝብ ሲያደርግ የርስት ሥርዓት አከተመ፤ ሆኖም በአማራ ክልል አዋጅ ቁጥር 252/2009 መሠረት የይዞታ መብት ዛሬም በውርስ ይተላለፋል።

የኦርቶዶክስ እምነት ደግሞ ከሌላ መነሻ ይነሣል። ነፍስ በሞት አትጠፋም፤ ፍትሐቱም ተዝካሩም ለዚህ ነው። ቢሆንም ሟች የነፍስ አባቱና ሽማግሌዎች ባሉበት ያበደረውንና የተበደረውን ተናዝዞ ይሄዳል። ሕጉ «ሰውየው የለም» ይላል፣ ቤተ ክርስቲያን «አለ» ትላለች፤ ሞት ግን ዕዳ እንደማይከፍል ሁለቱም ይስማማሉ።

ለድርጅትም መርሑ ያው ነው። የፈረሰ ማኅበር ሒሳቡ ተጣርቶ እስኪያበቃ የሕግ ሰውነቱን አያጣም፤ ከሌላ ጋር ከተዋሐደ መብትና ግዴታውን ተቀባዩ ይሸከማል። መፍረስ ከባለዕዳነት ማምለጫ ቢሆን ኖሮ ማንም በውል አይተማመንም ነበር።

ይግባኝ ሲቋረጥ የሥር ፍርድ ቤት ውሳኔ እንደ ጸና ይቀራል፤ በስህተት የተሰጠ ቢሆን እንኳ የሚያርመው የለም። መዝገብ መዝጋት በዚህ የተነሣ ለአንዱ ወገን መፍረድ ነው። ፍትሕ የሚጠይቀውም ወራሽ ወይም ተተኪ ካለ ተፈልጎ እንዲጠራ፣ ክርክሩም መብቱ ራሱ ከባለቤቱ ጋር ሲያበቃ ብቻ እንዲያበቃ ነው።