ስለ ወንድማችን እንጠየቃለን

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።



በኦሪት ዘፍጥረት ምዕራፍ 4 እንደምናነበው፣ በምድር ላይ የመጀመሪያው የሰው ደም በፈሰሰ ጊዜ እግዚአብሔር ቃየንን አስቀድሞ የጠየቀው ስለ ሠራው ሥራ አልነበረም። የጠየቀው ወንድሙ ያለበትን ስፍራ ነበር። ቃየንም የወንድሙ ጠባቂ እንዳልሆነ ተናግሮ ሊያመልጥ ሞከረ። ይህን ታሪክ ከሕፃንነቴ ጀምሮ ሰምቼዋለሁ፤ በጥያቄና መልስ ውድድርም መልሼ ተሸልሜበታለሁ። ጥያቄው ለእኔም የቀረበ መሆኑን ያወቅሁት ግን በሰው አገር በአንድ ቅዳሜ ቀን ነው።

ለመንፈቀ ዓመት ትምህርት በጀርመን አገር በሙኒክ ከተማ ቆይቼ ነበር። ከሙኒክ ዋና ባቡር ጣቢያ ዳካው እስከምትባለው ከተማ ያለው ጉዞ ግማሽ ሰዓት እንኳ አይፈጅም። ከዚያም አንድ አውቶቡስ እስከ ቀድሞው የናዚዎች ማጎሪያ ካምፕ ያደርሳል። ስፍራው ዛሬ የመታሰቢያ ቦታ ነው፤ መግቢያውም በነጻ ነው። አስጎብኚ አልያዝኩም፤ በእጄ የነበረው የስፍራው ካርታ የታተመበት ወረቀት ብቻ ነው። ከአስጎብኚ ጋር የሚሄድ ሰው እየሰማ ያልፋል። ብቻውን የሚሄድ ግን ልቡ በያዘው ስፍራ ሁሉ ይቆማል፤ ና እንሂድ የሚለውም የለም።

በአውቶቡሱ ውስጥ ከገበያ የሚመለሱ እናቶችና ቦርሳ ያነገቱ ልጆች ነበሩ። በመስኮት የማየው አበባ የተተከለበት ግቢ፣ ነጭ መጋረጃ ያለው ቤት ነበር። እኔ ካምፑን ሩቅ በሆነ ጫካ ውስጥ የተሸሸገ አድርጌ አስብ ስለነበር ከሰው መኖሪያ ጋር እንዲህ መቀራረቡ አስደነገጠኝ።

(ከዚህ በታች ዓ.ም. ያልተባለበት ዘመን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።) ናዚዎች ሥልጣን በያዙ ሁለት ወር ሳይሞላ፣ መጋቢት 22 ቀን 1933 ይህ ካምፕ በአንድ አሮጌ የጥይት ፋብሪካ ግቢ ተከፈተ። ነገሩ ምሥጢር አልነበረም፤ ከመከፈቱ አንድ ቀን አስቀድሞ በሙኒክ ጋዜጣ ታትሞ ወጥቷል። ያን ቀን ብዙ ሰው ጋዜጣውን በቁርሱ ሰዓት አንብቦ አጥፎ አስቀምጦታል ማለት ነው። መጀመሪያ የታሰሩት የመንግሥቱ ተቃዋሚዎች ነበሩ። ሰው ዝም ባለ ጊዜ በሩ ሰፋ። በኅዳር 1938 በመላው ጀርመን የአይሁድ ምኩራቦች በተቃጠሉበት ሰሞን ከ10,000 የሚበልጡ አይሁዳውያን ወንዶች ወደ ዳካው ተነዱ። እስከ 1945 ድረስ ከ200,000 በላይ ሰዎች በዳካውና በቅርንጫፎቹ ታስረዋል፤ ከ41,000 በላይ የሚሆኑት ሞተዋል። በጠቅላላው ናዚዎች በአውሮፓ የፈጁት የአይሁድ ሕዝብ ቁጥር ስድስት ሚሊዮን ይደርሳል።

በብረቱ መዝጊያ ላይ ሥራ ነጻ ያወጣል የሚል ጽሑፍ አለ። ሐሰት በብረት ተሠርቶ በር ላይ ሲሰቀል ያየሁት በዚያ ነው። ገብቼ በሰፊው የስም ጥሪ አደባባይ ቆምኩ። የእስረኞቹ ቤቶች ፈርሰዋል፤ መሠረታቸው ብቻ ቁጥር ተጽፎበት በሁለት ረድፍ ተዘርግቷል። ለናሙና እንደገና ከተሠሩት ቤቶች በአንዱ ውስጥ ተደራራቢውን የእንጨት አልጋ አየሁ። ካምፑ በ1938 ሲታደስ ለ6,000 እስረኞች ታስቦ ነበር፤ ነጻ በወጣበት ቀን ግን ከ30,000 በላይ ሰዎች ታጭቀውበት ተገኙ። አስከሬን የሚቃጠልበት ምድጃም እስከ ዛሬ አለ። በዚያ አጠገብ የአንድ እስረኛ ሐውልት ቆሟል። ከሥሩ የተጻፈው ለሙታን ክብር፣ ለሕያዋንም ማስጠንቀቂያ መሆኑን ይናገራል። እንግዲህ ለሙታኑ የምናደርግላቸው ክብር ነው፤ ማስጠንቀቂያው ግን ለእናንተና ለእኔ ነው።

ወዳጆቼ ሆይ፣ ይህን ሁሉ ያደረጉት ከክርስቲያን ቤተሰብ ተወልደው የተጠመቁ፣ የልደትን በዓል የሚያከብሩ ሰዎች መሆናቸውን ስናስብ ልንንቀጠቀጥ ይገባናል። የሚያከብሩት ሕፃን በሥጋ ከዳዊት ዘር ነው፤ እመቤታችን የይሁዳ ልጅ ናት፤ ጴጥሮስም ጳውሎስም ዕብራውያን ናቸው። በዚያ ዘመን በጀርመን አገር ቢኖሩ ኖሮ ከመስከረም 1941 ጀምሮ ቢጫው ኮከብ በልብሳቸው ላይ ይሰፋ ነበር፤ ኋላም ከሌሎቹ ጋር በባቡር ይጫኑ ነበር። ሰውን በዘሩ የናቀ ጌታውንም ንቋል።

ያልናቁም ነበሩ። በርንሃርድ ሊሽተንበርግ የተባለ የበርሊን ካቶሊካዊ ካህን ምኩራቦቹ ከተቃጠሉበት ቀን ጀምሮ በየማታው ጸሎት ስለ አይሁድ በግልጥ ይጸልይ ነበር። በ1941 ተያዘ፤ የእስር ዘመኑን ከፈጸመ በኋላም ወደ ዳካው ሲወሰድ በኅዳር 1943 በመንገድ ላይ ዐረፈ። ያደረገው ምንድር ነው? ሌላው ሰው ከጸሎቱ ያወጣውን ሕዝብ እርሱ በጸሎቱ ውስጥ አስገባ። ይህን ማድረግ ለእኛ የሚከብደን ይመስላችኋል?

ሌላው ማርቲን ኒሞለር የተባለ የፕሮቴስታንት ሰባኪ ነው። በመጀመሪያ የናዚዎችን መምጣት በበጎ የተቀበለ ሰው ነበር፤ ኋላ ተቃወማቸው፤ በ1937 ታሰረ፤ ከ1941 ጀምሮም በዳካው ነበር። ከጦርነቱ በኋላ ከባለቤቱ ጋር ወደዚሁ ስፍራ ተመልሶ መጣ። በዚያም 1933 እና 1945 የሚሉ ዓመታት የተጻፉበትን ሰሌዳ ባየ ጊዜ ልቡ ወቀሰው። ከ1937 ወዲህ እስረኛ ነበርኩ ብሎ መመለስ ይችላል፤ ነገር ግን ከ1933 እስከ 1937 ድረስ የት እንደነበረ ቢጠየቅ መልስ አልነበረውም። ይህንንም አልሸሸገም፤ በየአደባባዩ ተናገረው።

የዚህን ሰው ታሪክ ሳስብ ጥያቄው ወደ እኔ ዞረ። እኔስ የት ነበርኩ? ወዲያው በልቡናዬ የመጣው የአምስተኛ ክፍል የምሳ ሰዓት ነው።

በክፍላችን እናቷ ሸክላ የምትሠራ አንዲት ልጅ ነበረች። ዘመዶቿ ወደ እስራኤል ሄደዋል ይባል ነበር። በአገራችን ቤተ እስራኤላውያንን፣ ባለ እጅ የሆኑትንም ሌሎች ወገኖች፣ ቡዳ ብሎ መስደብ የቆየ ኃጢአታችን መሆኑን ታውቃላችሁ። በድስታቸው ወጥ እንሠራለን፣ በምጣዳቸው እንጀራ እንጋግራለን፤ እጃቸውን ግን እንጸየፋለን። ልጆቹ ዓይኗ ምግብ ይጎዳል አሉ። አንድ ቀን ምሳ ዕቃዋን ይዛ አጠገቤ ልትቀመጥ ስትመጣ ምሳ ዕቃዬን ከደንኩት። ያደረግሁት ይህን ብቻ ነው፤ አልሰደብኳትም፣ አልመታኋትም። እርሷም አየችኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ከክፍሉ ጀርባ ብቻዋን ትበላ ነበር። በሚቀጥለው እሑድ እኔ ነጭ ለብሼ ከመዘምራን ጋር ቆሜ ዘመርኩ።

የምሳ ዕቃ ክዳንን ከስድስት ሚሊዮን ነፍስ ጋር ላስተካክል አይደለም፤ እንዲህ ማለት ሙታኑን መድፈር ነው። ነገር ግን የዳካው በር አስቀድሞ የተሠራው ከብረት እንዳይደለ አየሁ። አስቀድሞ ስም ተሰጠ፤ ቀጥሎ ከሱቃቸው አትግዙ ተባለ፤ በ1935 በሕግ ከዜግነት ተለዩ፤ ኮከቡና ባቡሩ የመጡት በኋላ ነው። በእያንዳንዱ ደረጃ ላይ እኔ ያደረግሁት ትንሽ ነገር ነው የሚል ሰው ነበረ። እኔም ከደረጃው የመጀመሪያው ላይ ቆሜ ነበር።

በዚህ ሐሳብ እየተጨነቅሁ ወደ ካምፑ ጫፍ ስሄድ በ1995 የተሠራች ትንሽ የሩስያ ኦርቶዶክስ የእንጨት ጸሎት ቤት አገኘሁ። በውስጧ ያለው ሥዕል መላእክት የካምፑን በር ሲከፍቱ፣ ትንሣኤውን ያበሠረው ጌታም እስረኞቹን ሲያወጣ ያሳያል። ከታሪኩ ጋር ያለውን ግንኙነት ልንገራችሁ። የአሜሪካ ጦር ዳካውን ነጻ ያወጣው ሚያዝያ 21 ቀን 1937 ዓ.ም. ነበር። ያም ዕለት በኦርቶዶክሳውያን ዘንድ ሆሳዕና ነው። በሳምንቱ ሚያዝያ 28 ቀን ፋሲካ ሆነ። ከሞት የተረፉት የሰርብና የግሪክ ካህናት በዚያው በካምፑ ውስጥ የትንሣኤን ጸሎት አደረሱ። ልብሰ ተክህኖ አልነበራቸውም፤ ከጠባቂዎቹ ሕክምና ቤት በተገኘ ፎጣ ሠሩ። መጽሐፍ አልነበራቸውም፤ የዮሐንስ አፈወርቅን የትንሣኤ ስብከት አንድ ግሪካዊ መነኩሴ በቃሉ አነበነበው። በዚያው ዕለት አባቶቻችን በኢትዮጵያ ያንኑ ትንሣኤ እያከበሩ ነበር፤ በዋዜማውም ሚያዝያ 27 የድል ቀናችን አራተኛ ዓመት ውሎ ነበር። ቃል እንድናጠና መምህሮቻችን ሲያስጨንቁን የምናጉረመርም ሁላችን ይህን እናስታውስ። ሁሉ ነገር ከእጅ ሲወሰድ በልብ ያለው አይወሰድም።

በዚያች ጸሎት ቤት አለቀስኩ። ዕንባ ግን ብቻውን ንስሐ አይሆንም። ወደ አገሬ ከተመለስኩ በኋላ የዚያችን ልጅ ስልክ አፈላልጌ ደወልኩላት። ማን መሆኔን ስነግራት ለጥቂት ጊዜ ዝም አለች። የሆነውን አንሥቼ ይቅርታ ስለምናት፣ «የረሳሁት መስሎህ ነበር? ምሳ ዕቃህ ሰማያዊ ነበር» አለችኝ። ዐሥር ዓመት አልፎ ቀለሙን እንኳ አልረሳችውም፤ እኔ ግን ረስቼው ዘምሬ ነበር። በመጨረሻም ይቅር ለእግዚአብሔር አለችኝ። ስልኩን ስዘጋ ሸክሜ የቀለለኝ ያህል ዕዳዬም ታወቀኝ።

እንግዲህ እኅቶቼና ወንድሞቼ፣ ሦስት ነገር እለምናችኋለሁ። አንደኛ፣ ሰውን በዘሩ ወይም በእጅ ሥራው የሚያዋርድ ስም በመካከላችን ሲነገር፣ በጨዋታም ቢሆን፣ በስልክ መልእክትም ቢሆን፣ አንሳቅበት፤ ዝምም አንበል። ሁለተኛ፣ በጸሎታችን የማንጠራው ሕዝብ ማን እንደሆነ ራሳችንን እንመርምርና እርሱን አስቀድመን እንጥራ። ሦስተኛ፣ ምግባችንን የከደንንበት ሰው ካለ ዛሬውኑ እንፈልገው። በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 25 ጌታ በመጨረሻው ቀን ለታናናሾቹ የተደረገውን ለእርሱ እንደተደረገ እንደሚቆጥረው ተጽፏል። ስለዚህ አጠገባችን ሊቀመጥ የመጣው ማን እንደሆነ እንወቅ።

እግዚአብሔር ስለ ወንድማችን በሚጠይቀን ቀን፣ ጌታ ሆይ፣ እነሆ ከእኔ ጋር በአንድ ገበታ ነው ብለን ለመመለስ ያብቃን። በዳካው ለሞቱት ሁሉ ዕረፍትን፣ ለእኛም ልቡናን ይስጠን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር፣ ወለወላዲቱ ድንግል፣ ወለመስቀሉ ክቡር፤ አሜን።